ሶፋ ላይ የሚያድር ሰው አይቆጠርም

ሜሪላንድ ውስጥ ሶሻል ወርከር ነበርኩ። ቤት ያጡ ቤተሰቦችን ነበር የማስተናግደው። ሥራው ፎርም ይበዛዋል። ትናንት የት አደራችሁ? ልጆች ስንት ናቸው? ገቢ አለ? ከዚያ ወረፋ መጠበቅ ነው። አሁን ዶክመንተሪ እሠራለሁ። (እናቴ እስካሁን የሠርግ ቪዲዮ የማነሳ ይመስላታል።)

ቤት አልባ ሲባል ድንኳንና ጢማም ሰውዬ የሚያሳይ ፊልም ሞልቷል። ያም እውነት ነው። እኔን ያቃጠለኝ ግን ካሜራ የማያገኘው ነው።

አሜሪካ በየዓመቱ ጃንዋሪ መጨረሻ ላይ በአንድ ሌሊት ቤት አልባዎችን ትቆጥራለች። በ2024 የተገኘው 771,480 ሰው ነበር፤ ልጅ ይዘው ቤት ያጡት ከዓመቱ በፊት ከነበሩት በ39 በመቶ ጨምረዋል። ቆጠራው የሚያየው ሼልተር (ቤት ላጡ የተዘጋጀ ጊዜያዊ መጠለያ) እና ጎዳና ያለውን ነው። ከልጆቿ ጋር ዘመድ ሳሎን ውስጥ ሶፋ ላይ የተኛች እናት እዚህ ውስጥ የለችም። ማኪኒ ቬንቶ የሚባለው ሕግ ደግሞ እነዚያኑ ልጆች ትምህርት ቤት ላይ ቤት አልባ ብሎ ይቀበላቸዋል። ግራ የሚያጋባ አገር ነው።

እኔ ያገኘኋቸው ሐበሾች አብዛኞቹ እንዲህ ያሉ ናቸው። ከሼልተር ሞት ይሻላል ብለው ዘመድ ቤዝመንት ይገባሉ። መጀመሪያ "ቤታችሁ ነው" ይባላሉ፤ ትንሽ ሲቆይ የሽንት ቤት ወረቀት ማን ይገዛል የሚል ወሬ ይመጣል።

በሥራዬ የማውቃቸውን መቅረጽ አይታሰብም። የነገሩኝ አደራ ነው። ስለዚህ ሌላ ቤተሰብ ፈለግኩ። ሞቴል ውስጥ ያለች አንዲት እናት ተስማማች። "ፊታችንን ግን እንዳታሳዪ እህቴ። አገር ቤት ያሉት ካዩ ገመናዬ ወጣ ማለት ነው" አለችኝ። ለነሱ እኮ እሷው ናት በየወሩ ብር የምትልከው!

ክፍሉ ምድጃ የለውም። ሽሮ የምትሠራው በማይክሮዌቭ ነው፤ ሊገነፍል ሲል እያወጣች ታማስለዋለች፣ መልሳ ትከተዋለች። ሕፃኗ ስትተኛ መብራት ይጠፋል። ያኔ ትልቁ ልጅ መታጠቢያ ቤት ገብቶ፣ ገንዳው ውስጥ ትራስ አድርጎ ተቀምጦ፣ ጉልበቱ ላይ የሒሳብ የቤት ሥራውን ይሠራል፤ እዚያ ደግሞ መብራቱ ሲበራ የአየር ማውጫው አብሮ ስለሚነሳ ሲያጓራ ያመሻል። ኤዲት ስናደርግ የድምፅ ባለሙያው ይህን ጫጫታ ላጥፋው አለኝ። አይነካም አልኩት። ተጨቃጨቅን።

ልጆች ይዛችሁ ሰው ቤት ተጠግታችሁ ከሆነ ለትምህርት ቤቱ ንገሩ። በየዲስትሪክቱ ለዚሁ የተመደበ ሰው አለ። ልጁ ሰፈር ቢቀይርም ድሮ በነበረበት ትምህርት ቤት መቀጠል ይችላል፣ ማመላለሻ ይመቻችለታል፣ ምሳም በነፃ ነው። ወረቀት አልተሟላም ብለው አይመልሱትም። የቤት ኪራዩን ግን አይከፍሉላችሁም።