ካምቢዮው ሳይወርድ፦ ሎክ አፕን የተማርኩበት ዓመት

ሰላም ለናንተ የሙያ ባልደረቦቼ። አምና ክረምት ላይ «አውቶማቲክ ካምቢዮን ከሥሩ እማራለሁ» ብዬ የጀመርኩትን የት እንዳደረስኩት ላካፍላችሁ። ጅማ ውስጥ እጄን ያፍታታሁት በማንዋል መኪና ነው፤ ፍሪሲዮን መቀየር፣ ኩሽኔታ ማውጣት፣ የካምቢዮ ማርሽ ማስተካከል። አሁን ግን ወደ ግቢያችን የሚገባው ያሪስና ቪትዝ፣ ኮሮላና ራቭ ፎር እየበዛ ነው፤ ካምቢዮውም አውቶማቲክ ነው። ባለመኪናው «ሲሄድ ይንቀጠቀጣል» ወይም «ቤንዚን ጨመረብኝ» ሲል በየጋራዡ የሚሰማው መልስ ግን አንድ ነው፦ ካምቢዮው አልቋል፣ ይቀየር። በዚህች መልስ ስንት ሰው የልጆቹን ገንዘብ ያለ አግባብ እንዳወጣ ሳስብ ያንገበግበኛል። ስለዚህ ሁሉንም በአንዴ ከመነካካት አንዲት ክፍል መረጥኩና ዓመቱን በሙሉ እሷ ላይ ቆየሁ። እሷም ቶርክ ኮንቨርተር (ሞተሩን ከካምቢዮው ጋር በዘይት የሚያገናኘው ክፍል) ውስጥ ያለችው ሎክ አፕ ናት።

አሠራሩን ባጭሩ ላስታውስ። ሞተሩ የሚያዞረው የኮንቨርተሩ ፓምፕ ዘይቱን ወደ ተርባይኑ ይወረውራል፤ ተርባይኑ ካምቢዮውን ያዞራል። መሀል ላይ ያለው ስታተር የሚመለሰውን ዘይት አቅጣጫ አስይዞ መልሶ ስለሚልከው መኪናው ከቆመበት ሲነሳ ጉልበት ያገኛል። ግን ዘይት ዘይትን ስለሚገፋ ሁልጊዜ የሚያመልጥ ዙር አለ፤ ያመለጠው ደግሞ ሙቀት ሆኖ ይቀራል። ሎክ አፕ ማለት እንግዲህ ኮንቨርተሩ ውስጥ የተቀመጠ ፍሪሲዮን ነው። መኪናው ፍጥነት ይዞ ሲረጋጋ ኮምፒውተሩ በሶሌኖይድ (በኤሌክትሪክ በሚከፈትና በሚዘጋ ቫልቭ) አማካይነት የዘይቱን መንገድ ያስለውጣል፤ ፍሪሲዮኑ ይጣበቅና ሞተሩና ካምቢዮው ልክ እንደ ማንዋል አብረው ይዞራሉ። ይህ ሲገባኝ ፍርሃቴ ለቀቀኝ። ፍሪሲዮንን እኮ ሁላችንም እናውቀዋለን።

ዘንድሮ የተማርኩት ትልቁ ነገር አንድ ጥያቄ ነው፦ ሎክ አፑ ትዕዛዝ ደርሶት እምቢ አለ ወይስ ጭራሽ ትዕዛዝ አልደረሰውም? ይህን ሳልመልስ አሁን ቡሎን አልፈታም። ጥያቄውን ያስተማረኝ የአንድ ቡና ነጋዴ መኪና ነው።

ሐምሌ ላይ ነው፤ ዝናቡ አላቆም ብሎ ነበር። ሐጂ ያሪሳቸውን ይዘው መጡ፤ 1.3 ሞተር፣ ባለ 4 ፍጥነት አውቶማቲክ። «ልጄ፣ ከአዲስ አበባ ጅማ ስገባ ወደ ግማሽ ታንክ ይተርፈኝ ነበር። አሁን መርፌዋ በጣም ትወርዳለች። ሌላ ቦታ ባሳየው ካምቢዮው ሞቷል አሉኝ» አሉ። ማርሽ ሲቀይር ግን አይመታም፣ አያንሸራትትም። ዘይቱን በመለኪያው አወጣሁት፤ ቀይነቱ ትንሽ ጠቆር ቢልም የተቃጠለ ሽታ የለውም።

በማግስቱ ባጃጁ ሳይበዛ በጠዋት ወደ ሰርቦ መንገድ ወጣን። ሎክ አፕ ለመፈተን ረባዳ መንገድና ቋሚ የነዳጅ አረጋገጥ ያስፈልጋል፤ ሽቅብ እየወጡ ወይም በየደቂቃው ፍሬን እየያዙ መፈተን ከንቱ ድካም ነው። በ80 ኪሎ ሜትር ፍጥነት 4ኛ ማርሽ ላይ ስንረጋ የሞተሩ ዙር 2,450 ነበር። ቀኝ እግሬን ነዳጁ ላይ ሳላነቃንቅ በግራ እግሬ ፍሬኑን የኋላ መብራቱ እስኪበራ ያህል ብቻ ነካሁት። ሎክ አፑ ይዞ ቢሆን ኖሮ ፍሬን ሲነካ ይለቃል፤ ዙሩም ከ200 እስከ 300 ያህል ከፍ ይላል፤ እግሬን ሳነሳ ትንሽ ቆይቶ ይመለሳል። የሐጂ መኪና መርፌ ግን ንቅንቅ አላለችም። አልቆለፈም ማለት ነው።

ከዓመት በፊት ብሆን እዚህ ላይ «ኮንቨርተሩ ተበላሽቷል» ብዬ ካምቢዮውን አወርድ ነበር። አሁን ግን የቶዮታን ዝርዝር መረጃ የሚያነብ ስካነር ከጓደኛዬ ተውሼ ስለነበር የሎክ አፕ ሶሌኖይድ የሚለውን መስመር ከፍቼ አየሁ። «ኦፍ» ይላል። ከከተማ እስከ ሰርቦ አንድም ጊዜ «ኦን» አላለም። ኮምፒውተሩ ትዕዛዝ ካልሰጠ ኮንቨርተሩ ምን ያድርግ?

ታዲያ ለምን አያዝዝም? ኮምፒውተሩ ከማዘዙ በፊት የሚጠብቃቸው ነገሮች አሉ፤ የሞተሩ ሙቀት፣ የመኪናው ፍጥነት፣ ማርሹ፣ ፍሬን አለመያዙ፣ ነዳጁ መርጋቱ። ወደ ሙቀቱ መስመር ስመለስ ቁጥሩ 54 ዲግሪ ነው። ያን ሁሉ መንገድ ሄዶ 54! ብዙ ቶዮታዎች ውሃው 60 ዲግሪ አካባቢ ሳይደርስ ሎክ አፕ አያስገቡም። ግቢ ተመልሰን ሞተሩ ሲበርድ የተርሞስታቱን (ሞተሩ እስኪሞቅ ውሃው ወደ ራዲያተር እንዳይሄድ የሚይዘውን) ቤት ፈታሁት። ባዶ ነው።

«ሐጂ፣ ተርሞስታቱን ማን አወጣብዎት?»

«አንድ ጊዜ ጊቤ ዳገት ላይ ሞተሩ ፈላብኝ። አንድ መካኒክ አውጥቶ ጣለውና ለኛ አገር አያስፈልግም አለኝ። ከዚያ ወዲህ አልፈላም።»

ይህን ነገር ሁላችንም አድርገነዋል፤ እኔም አድርጌዋለሁ። ጊቤን ተሻግሮ ሽቅብ ሲወጣ መኪና የሚፈላው ቆላው ስለሚያቃጥልና ዳገቱ ስለሚጠነክር ነው፤ ያን ጊዜ የራዲያተር ድፍንነትና የፋን ድካም ይጋለጣል። ተርሞስታቱን ማውጣት ድፍኑን ራዲያተር አይከፍተውም። ሞተሩን ግን ጅማ ላይ በክረምት እንደቀዘቀዘ ያስቀረዋል፤ ኮምፒውተሩ «ገና አልሞቀም» ብሎ ቤንዚን ይጨምራል፣ ሎክ አፑንም ይከለክላል። አንዳንድ መኪና ይህን ኮምፒውተሩ በሚመዘግበው የስሕተት ቁጥር፣ በፒ0128 ኮድ ይናገራል። የሐጂ መኪና ግን አንድም ኮድ አልነበረውም፤ ኮድ የለም ማለት ችግር የለም ማለት እንዳልሆነ ያን ቀን ገባኝ።

ራዲያተሩን አወረድንና በደንብ አጠብን፤ ፋኑ በጊዜው መነሳቱን አረጋገጥን፤ ከዚያ ከ80 እስከ 84 ዲግሪ ባለው መሀል የሚከፍት ተርሞስታት ገባ። እንደገና ሰርቦ መንገድ። ሙቀቱ 85 ላይ ረጋ። 80 ኪሎ ሜትር ላይ «ኦፍ» የሚለው «ኦን» ሲል በዓይኔ አየሁ፤ ዙሩም ከ2,450 ወደ 2,180 ወረደ። ፍሬኑን ነካሁ፣ ወጣ፤ ለቀቅሁ፣ ወረደ። ሐጂ ምን እንደተፈጠረ ባያዩም ፊቴን አይተው «አልሐምዱሊላህ» አሉ። ካምቢዮውን ማንም አልነካውም።

ከዚያ በኋላ በዚሁ መንገድ ያገኘሁት ሁለተኛው መኪና ቪትዝ ነው። ሙቀቱ ደህና፣ ትዕዛዙ ግን የለም። ጀማሪው ልጃችን ከኋላ ቆሞ «ወንድሜ፣ እግርህን አንሳ እንጂ፣ ስቶፑ በርቷል» አለኝ። እግሬ መሬት ላይ ነበር። የፍሬን ፔዳሉ ስዊች ቦታውን ለቆ መብራቱ ሁልጊዜ ይበራል፤ ኮምፒውተሩም ሁልጊዜ ፍሬን የተያዘ ይመስለዋል። ማስተካከሉ ግማሽ ሰዓት አልፈጀም።

መንቀጥቀጡ ደግሞ ሌላ ዓለም ነው። ሎክ አፑ ሊይዝ ሲል ወይም ይዞ እየተንሸራተተ ሲሄድ መኪናው ማበጠሪያ በሆነ ኮረኮንች ላይ የሚሄድ ይመስላል፤ ብዙ ጊዜ ከ60 እስከ 80 ኪሎ ሜትር፣ ነዳጅ ትንሽ ሲረገጥ። ሁላችንም የምናውቀው ፈተና ፍሬን ነክቶ መንቀጥቀጡ ከጠፋ ሎክ አፕ ነው የሚለው ነው። ጥሩ ፈተና ነው፤ ብቻውን ግን ያሳስታል። እኔን አሳስቶኛል። ምክንያቱም አንድ ቦቢና (ለካንዴላው ኤሌክትሪክ የሚሰጠው) ወይም ካንዴላ የደከመበት ሞተር ስሕተቱ የሚሰማው በተለይ ሎክ አፑ ሲይዝ ነው፤ ዙሩ ወርዶ ጭነቱ ይጨምራል፣ መሀል ላይ መንቀጥቀጡን የሚውጠው ዘይትም የለም። ፍሬን ሲነካ ሎክ አፑ ይለቅና የሞተሩ ስሕተት ይደበቃል። መካኒኩ ደግሞ «ካምቢዮ ነው» ይላል።

ጅማ ላይ ለዚህ መፍትሔ የሆነኝ መንገድ ነው። መኪናውን ወደ ጅሬን፣ ወደ አባ ጅፋር ቤተ መንግሥት በሚወስደው ዳገት በዝቅተኛ ማርሽ ነዳጅ ረገጥ አድርጌ አወጣዋለሁ። እዚያ ሎክ አፕ አይይዝም። ሽቅብም ከተንተፈተፈ ጥፋቱ የሞተሩ ነው፤ ከፒ0300 እስከ ፒ0304 ያሉትን የሲሊንደር እሳት መሳት ኮዶች አያለሁ፣ ቦቢናዎቹን ቦታ አቀያይሬ ስሕተቱ አብሮ መሄዱን አረጋግጣለሁ። ዳገቱን ያለ እንከን ወጥቶ ሰርቦ መንገድ ላይ በ70 ከተንቀጠቀጠ ግን ወደ ሎክ አፑ እመለሳለሁ። ስካነር ካለ ደግሞ የሞተሩን ዙርና የተርባይኑን ዙር ጎን ለጎን አድርጉ። ሎክ አፑ በደንብ ከያዘ ልዩነቱ ወደ ዜሮ ይጠጋል፤ ሞተሩ ብቻ ከሆነ የታመመው ሁለቱ ቁጥሮች አብረው ይርገበገባሉ፤ ሎክ አፑ ከሆነ አንዱ ከሌላው እየራቀ ይቀርባል።

በእውነት ሎክ አፕ ከሆነም ቶሎ አይፈረድበት። ጥቅምት ላይ የመጣ ኮሮላ የተሳሳተ ዘይት ተሞልቶበት ነበር። ሎክ አፕ ዘይቱን በጣም ይመርጣል፤ ቲ-ፎርና ደብሊው ኤስ የሚባሉ የቶዮታ ካምቢዮ ዘይቶች አሉ፤ በመለኪያው ዘንግ ላይ ቲ-ፎር የሚል ከሆነ ቲ-ፎር፣ ደብሊው ኤስ የሚል ከሆነ ደብሊው ኤስ ነው። ቡሎኑ ተፈትቶ የሚወርደው ዘይት ከሙሉው ግማሽ አይሞላም፤ የቀረው ኮንቨርተሩ ውስጥ ተኝቶ ይቀራል። ስለዚህ አፍስሰን ሞላን፣ ባለቤቱ ሁለት ቀን ነዳው፣ እንደገና አፍስሰን ሞላን፣ ለሦስተኛ ጊዜም። ከሦስተኛው በኋላ መንቀጥቀጡ ጠፋ። ልኩን ስናይም ዘይቱ ከ70 እስከ 80 ዲግሪ ሞቆ፣ ሞተሩ እየሠራ፣ ማርሹ ፒ ላይ ሆኖ ነው።

ጥር ላይ ግን እውነተኛው መጣ። ሎክ አፑ አልያዘም የሚለው ፒ0741 ኮድ፤ ትዕዛዙ «ኦን»፣ የዙሩ ልዩነት ግን ከ300 አልወርድ አለ። የሶሌኖይዱ መቋቋም 13 ኦም፤ ከ11 እስከ 15 ባለው ውስጥ ስለሆነ ደህና ነው። በ12 ቮልት ስነካውም «ጠቅ» ይላል። ኮፓውን (ከካምቢዮው ሥር ያለውን የዘይት ማጠራቀሚያ) ስናወርድ ማግኔቶቹ እንደ ጭቃ በወፈረ ጥቁር ደቃቅ ተሸፍነዋል። ይህ ፍሪሲዮኑ እንዳለቀ ይናገራል። ኮንቨርተር ከአዲስ አበባ፣ መለዋወጫ ከሚሸጥበት ሶማሌ ተራ መጣልን።

እዚህ ላይ አንድ ነገር አደራ። ኮንቨርተሩን ወደ ካምቢዮው ስታስገቡ እያሽከረከራችሁ ግፉት፤ ሁለትና ሦስት ጊዜ «ጡብ» እያለ ወደ ውስጥ ይገባል። ቀጥ ያለ ብረት ካምቢዮው አፍ ላይ አጋድማችሁ ጥልቀቱን በካሊፐር ለኩና ከማንዋሉ ጋር አስተያዩ። ሳይገባ ካምቢዮውን በቡሎን እየሳባችሁ ከሞተሩ ጋር ካገናኛችሁት የዘይት ፓምፑ ይሰበራል። ኮንቨርተሩን ባዶውን አታስገቡ፣ ዘይት ጨምሩበት። የዘይት ማቀዝቀዣውን መስመርም እጠቡ፤ አለበለዚያ አሮጌው ደቃቅ ተመልሶ አዲሱ ውስጥ ይገባል።

ስለ ስቶል ፈተና አንድ ቃል። ጎማው ታግዶ፣ የእጅና የእግር ፍሬን ተይዞ፣ ዲ ላይ ነዳጅ እስከ መጨረሻ ተረግጦ ዙሩ የት እንደሚቆም ማየት ነው፤ ከ5 ሰኮንድ አይበልጥም። አንድ መኪና ማንዋሉ ከሚለው በ200 ያህል አነሰብኝና «የስታተሩ አንድ አቅጣጫ መያዣ ለቋል» ብዬ ልፈርድበት ነበር። ደግነቱ ያው ዓይነት ጤነኛ መኪና ግቢ ውስጥ ነበርና እሱንም ሞከርኩት። እሱም አነሰ። ጅማ ከባሕር ወለል 1,780 ሜትር አካባቢ ናት፤ ተርቦ የሌለው ሞተር በየ1,000 ሜትሩ 10 በመቶ ያህል ጉልበት ያጣል። ስለዚህ የጅማን ቁጥር ለብቻው ደብተር ላይ መጻፍ ጀምሬያለሁ፤ በየሞዴሉ፣ ጤነኛ ከሆነ መኪና ላይ የተለካ። የሎክ አፕን ጤንነት ግን ስቶል አይነግርም፤ በዚያ ሰዓት ሎክ አፑ ተለቅቋል።

አሁን ግቢ ውስጥ ያለው ከዚህ ሁሉ የተገላቢጦሽ ነው። አንድ ራቭ ፎር ሊቆም ሲል ሞተሩ ይጠፋል፤ ልክ ፍሪሲዮን ሳይረገጥ ማንዋል መኪና እንደሚቆመው። ሎክ አፑ አልለቅም ብሏል። ትናንት የሶሌኖይዶቹን ሶኬት ነቅዬ ሞከርኩት፤ ሶኬቱ ሲነቀል ካምቢዮው ራሱን ወደሚጠብቅበት አሠራር ገብቶ ማርሹን እንደሚገድብ እያወቅሁ ማለቴ ነው። ኤሌክትሪክ ሳይደርሰውም ሲቆም ጠፋ። እንግዲህ ሽቦውም ኮምፒውተሩም ነፃ ወጥተዋል፤ የቀረው ወይ ቫልቭ ቦዲው (የካምቢዮው ዘይት መንገዶች የሚከፈቱበትና የሚዘጉበት ክፍል) ውስጥ የተጣበቀ ቫልቭ ነው፣ ወይ ተጣብቆ የቀረ ሶሌኖይድ፣ ወይ ራሱ ኮንቨርተሩ። ነገ ጠዋት ኮፓውን አወርድና ከቫልቩ እጀምራለሁ። ይህን ዓይነት ያጋጠማችሁ ካላችሁ፣ ቫልቩን በምን እንዳጸዳችሁትና ቤቱ ተበልቶ እንደሆነ በምን እንዳወቃችሁ ጻፉልኝ።