የተያዙብኝን የብየዳ ማሽኖች ያስመለስሁበት መንገድ

አዲስ አበባ ውስጥ በርና መስኮት የምሠራበት አነስተኛ የብረታ ብረት ቤት አለኝ። ባለፈው ዓመት ደንብ አስከባሪዎች «የእግረኛ መንገድ ላይ ትበይዳለህ» ብለው የብየዳ ማሽኑን፣ የብረት መቁረጫውንና ግራይንደሩን ጭነው ሄዱ። ውጭ የነበረው ቀለሙ እንዲደርቅ ግድግዳ ላይ የተደገፈ አንድ በር ብቻ ነው። ማሽኖቹን ያነሡት ከቤት ውስጥ ነው፤ ንግድ ፈቃዴም የታደሰ ነበር።

ሲጭኑ አልተጋፋኋቸውም፤ ማሽን ለማዳን ሲሉ መታሰር ለሥራው ሌላ ኪሳራ ነው። የእያንዳንዱን ማሽን መለያ ቁጥር በስልኬ አነሣሁ፣ ጎረቤቴን ልብስ ሰፊውን ለምስክርነት ጠራሁ። የሰጡኝ ማህተም የሌለው ብጣሽ ወረቀት ስለነበር በማግስቱ መጋዘኑ ድረስ ሄጄ የሞዴል 19 (የንብረት ገቢ ደረሰኝ) ግልባጭ ጠየቅሁ። በሞዴል 19 ገቢ የሆነ ንብረት ያለ ሞዴል 22 (የንብረት ወጪ ደረሰኝ) አይወጣም። ያልተመዘገበ ዕቃ ግን ቢጠፋ ተጠያቂ የለውም።

ዘመድ ወዳጁ ሁሉ «ሰው ፈልግ» ይለኝ ነበር። ሰው ቢገኝ ማሽኑ ምናልባት በማግስቱ ይወጣ ነበር፤ ግን በውለታ የወጣ ዕቃ ባለውለታው ከወንበሩ ሲነሣ ተመልሶ ይያዛል። እኔ ጠበቃ ፈለግሁ። ጠበቃው የጻፈልኝ ማመልከቻ ሁለት ጥያቄ ብቻ ነበረው፤ ንብረቱ የተያዘው በየትኛው ሕግ፣ በየትኛው አንቀጽ ነው? የጽሑፍ ውሳኔውስ የት አለ? የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የአዲስ አበባን አስፈፃሚ አካላትም ይመለከታል፤ ባለጉዳይ እንዲሰማና ውሳኔው ምክንያቱ ተገልጾ በጽሑፍ እንዲሰጠው ያዛል። መቅጣት የሚፈቅድ ደንብ ሁሉ ዕቃ ማንሣትን አይፈቅድም፤ መያዝ ቢፈቀድም መውረስ ሌላ ነገር ነው።

ማመልከቻውን የደንብ አስከባሪዎቹ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ገቢ አድርጌ ግልባጩ ላይ ቁጥርና ማህተም አስደረግሁ። ኃላፊው «ቅጣትህን ከፍለህ ዕቃህን ውሰድ እንጂ ምን ያጽፍሃል?» አሉኝ። «የቅጣቱን ውሳኔ በጽሑፍ ይስጡኝ፣ ዛሬውኑ እከፍላለሁ» አልኋቸው። አልጻፉም። ከዚያ ወዲህ ክርክሩ ስለ እግረኛ መንገዱ መሆኑ ቀረ፤ ያልተጻፈው ውሳኔ ዋናው ማስረጃዬ ሆነ።

ቀጥሎ የመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ዘንድ ሄድሁ። ይህን በር ዘልሎ ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት የክለሳ አቤቱታ (የአስተዳደር ውሳኔ በፍርድ ቤት እንዲመረመር መጠየቅ) ማቅረብ «መጀመሪያ እዚያው ጨርስ» ያስብላል። ጠበቃው ግን ሌላም መንገድ ይዞ ነበር፤ የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1149። ይዞታው የተወሰደበት ሰው በሁለት ዓመት ውስጥ ይመለስልኝ ብሎ ሊከስ ይችላል፤ ወሳጁ ድርጊቱን የሚያጸድቅ መብት እንዳለው ወዲያውኑና በማያጠራጥር ሁኔታ ካላስረዳ ፍርድ ቤቱ እንዲመልስ ያዛል። ሸክሙ ወደ ወሳጁ መዞሩን በጣም ወደድሁት። ሆኖም አልደረስንበትም፤ ቅሬታ ሰሚው ንግድ ፈቃዴን፣ የግዢ ደረሰኞቹንና ሞዴል 19ን አይቶ፣ ውሳኔ ያልተሰጠበት ንብረት ይመለስ አለ።

መጋዘን ጠባቂዋ «ወንድሜ፣ ፈርምና ውሰድ፤ መኪናው ቆሞብሃል» አለችኝ። «እህቴ፣ መጀመሪያ ልሰካውና ልየው» አልኋት። ማሽኑ ይሠራል፤ የብየዳው ገመድ ከነመያዣው የለም። ጉድለቱን ሞዴል 22 ላይ ካስጻፍሁ በኋላ ፈረምሁ።

የካሣው ጥያቄ ለብቻው ነው። የመንግሥት ሠራተኛ በሥራው ላይ በፈጸመው ጥፋት የተጎዳ ሰው በዚያው የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 2126 መሠረት መንግሥትን ካሣ ሊጠይቅ ይችላል፤ አንቀጽ 2143 ደግሞ ጊዜውን በሁለት ዓመት ይገድበዋል። «ገበያ አጣሁ» ማለት ብቻውን አያዋጣም፤ የጉዳቱ ልክ በወረቀት መታየት አለበት። እኔ ማሽን የተከራየሁባቸውን ደረሰኞች፣ ቀብድ የመለስሁላቸውን ደንበኞች ፊርማና ያቺን ሞዴል 22 አያይዤ አስገብቻለሁ። መልሱን እየጠበቅሁ ነው።