ከጄፒ ጎዳና ወደ ሕገ መንግሥቱ ኮረብታ
ጆሃንስበርግ የሄድኩት ዘመድ ለመጠየቅ ነበር። ሆኖም ለንደን ቴት ሞደርን በተባለው የሥነ ጥበብ ሙዚየም ውስጥ የደቡብ አፍሪካዊውን ከያኒ የዛኔሌ ሙሆሊን ፎቶግራፎች ካየሁ ወዲህ፣ እነዚያ ፊቶች የወጡባትን አገር የማየት ፍላጎት አድሮብኝ ስለነበር፣ ከዘመድ ጥየቃው ጊዜ ቆርሼ የሥራዎቹን መነሻ ለመፈለግ ወጣሁ። ሙሆሊ እ.ኤ.አ. በ1972 በደርባን አጠገብ በምትገኘው ኡምላዚ ተወለዱ። በፎቶግራፍ ታውቀው ኋላ ወደ ፊልም፣ ወደ ሥዕልና ወደ ነሐስ ቅርጻ ቅርጽ የተሻገሩ፣ የጥቁር ሌዝቢያንና ትራንስጀንደር ደቡብ አፍሪካውያንን ሕይወት የሥራቸው ማዕከል ያደረጉ ከያኒ ናቸው። ራሳቸው ግን አርቲስት ከመባል ይልቅ በምስል የሚታገሉ አክቲቪስት መባልን ይመርጣሉ።

ማረፊያዬ የአገራችን ነጋዴዎች ፎቁን ሁሉ በልብስና በብርድ ልብስ የሞሉበት የጄፒ ጎዳና አካባቢ ነበር። ጠዋት ቡና እየጠጣን ወዴት እንደምሄድ ለአክስቴ ልጅ ብነግረው፣ «ተመሳሳይ ጾታን ማፍቀር እኛ አገር ወንጀል ነው፤ እዚህ ደግሞ ሕግ ፈቅዶላቸው ሰፈር ውስጥ ይገደላሉ። አንተ የትኛውን ልታይ ነው?» አለኝ። ሊያሾፍብኝ ፈልጎ እንደነበር አውቃለሁ፤ ነገር ግን ከየትኛውም የኤግዚቢሽን መግለጫ ይልቅ ቀኑን ሙሉ የመራኝ ይህ ጥያቄው ነው።

ኮንስቲትዩሽን ሂል (የሕገ መንግሥት ኮረብታ) ጋንዲም ማንዴላም የታሰሩበት ወህኒ ቤት የነበረበት ኮረብታ ነው። እ.ኤ.አ. በ2004 የተከፈተው የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት ከፈረሰው የቀጠሮ እስረኞች ማቆያ በተለቀመ ጡብ ጭምር የታነጸ ሲሆን፣ በትልቁ የእንጨት በር ላይ የሕገ መንግሥቱ 27 መብቶች ተቀርጸዋል። በጾታዊ ዝንባሌ ምክንያት ሰውን ማግለልን በስም ጠቅሶ በመከልከል የ1996ቱ የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥት ከዓለም ቀዳሚ ነው። ይኸው ፍርድ ቤት በታኅሣሥ 2005 በሰጠው ውሳኔ መነሻነት፣ በቀጣዩ ዓመት የተመሳሳይ ጾታ ጋብቻ ሕጋዊ ሆነ። ሙሆሊም የጥቁር ሌዝቢያንና ትራንስጀንደር ሰዎችን ፊት የሚመዘግበውን «ፌስስ ኤንድ ፌዝስ» የተሰኘ ተከታታይ የፎቶግራፍ ሥራ በዚያው በ2006 ጀመሩ።

ነገር ግን በዚሁ ኮረብታ ላይ እ.ኤ.አ. በ2009 ሙሆሊ የተሳተፉበት ኤግዚቢሽን ሲከፈት፣ የጊዜው የሥነ ጥበብና ባህል ሚኒስትር የተቃቀፉ ሴቶችን ፎቶግራፍ አይተው፣ ነውር ነው በማለት ትተው ወጥተዋል። መብቱ የተቀረጸበት በርና ሚኒስትሯ የወጡበት ግቢ አንድ መሆኑ፣ ለአክስቴ ልጅ ጥያቄ የመጀመሪያው መልስ መሰለኝ።

ሁለተኛው መልስ ለንደን ያየሁት የ«ፌስስ ኤንድ ፌዝስ» ግድግዳ ነው። ጥቁርና ነጭ ምስሎች በረድፍ ተሰቅለዋል፤ ሁሉም ማለት ይቻላል ዓይናቸውን ከካሜራው አልነቀሉም፤ በእያንዳንዱ ርዕስ ላይ ስም፣ ቦታና ዓመት ተጽፏል። በረድፎቹ መካከል ባዶ የተተዉ ቦታዎች አሉ፤ በሕይወት ለሌሉትና ገና ፎቶ ላልተነሡት የተያዙ ናቸው። በየሰፈሩ ሌዝቢያን ሴቶችን «ለማረም» በሚል የሚፈጸመውን መድፈርና ግድያ ሙሆሊ ደም በማሳየት አልነገሩንም፤ የሰዎቹን መኖር መዝግበው ነው የነገሩን። የዚህ መዝገብ ዋጋ የታወቀው እ.ኤ.አ. በ2012 ኬፕታውን የሚገኘው ቤታቸው ተሰብሮ የዓመታት ሥራ የያዙ ከ20 በላይ ሃርድ ዲስኮች ሲሰረቁ ነው። ሌላው ንብረት ግን እምብዛም አልተነካም። ሥራው ቀጥሎ ዛሬ ምስሎቹ ከ500 በላይ ሆነዋል።

ከሰዓት በኋላ ኒውታውን ወደተባለው የጆሃንስበርግ ሰፈር ወረድኩ። ሙሆሊ የተማሩበት፣ ፎቶግራፍ አንሺው ዴቪድ ጎልድብላት እ.ኤ.አ. በ1989 የመሠረተው የማርኬት ፎቶ ወርክሾፕ መነሻው እዚያ ነው፤ በአፓርታይድ ዘመን በሩ ለጥቁር ተማሪዎችም ክፍት ነበር። ዓለም አብዝቶ የሚያደንቀው ሙሆሊ ራሳቸውን ያነሡበትን «ሶምንያማ ንጎንያማ» የተሰኘ ተከታታይ ሥራ ነው፤ እኔ ግን፣ እውነቱን ለመናገር፣ አንዳንዶቹ ምስሎች እጅግ ስላማሩ ሕመማቸው ይሸሸግብኛል። በዚሁ ሥራ ውስጥ ያለው «ቤስተር 1» የተባለው ምስል ግን ከእነዚህ ይለያል። ሙሆሊ ዕድሜዋን በነጮች ቤት ሠራተኛነት የገፋችውን እናታቸውን ቤስተርን ለማሰብ የልብስ መቆንጠጫ እንደ ዘውድ ደፍተው፣ እንደ ጉትቻም አንጠልጥለው፣ የቆዳቸውን ጥቁረት ሆን ብለው አጉልተው ቀርበዋል። ኩዊርነት (ከተለመደው የጾታና የፍቅር ዝንባሌ መለየት) የፈረንጅ ነው፣ ባህላችን አያውቀውም ለሚሉ ሰዎች ይህ ምስል ክርክር አይገጥምም፤ የዙሉ እናትን ስም ይዞ፣ በዙሉ ቋንቋ በተሰየመ ሥራ ውስጥ፣ ልጇ መሆናቸውን ብቻ ይናገራል።