አቻ ያለ አሸዋ፦ እስካሁን የደረስኩበት

በጥርስ መካከል የማይንኮሻኮሽ አቻ ማብሰል ስለተቻለ ነው ይህን የምጽፈው። አቻ ከጤፍ ብዙም የማይበልጥ ደቃቅ እህል ነው። በናይጄሪያ የጆስ ደጋ የሚኖሩት አናጉታዎችና ጎረቤቶቻቸው ቤሮምና አፊዘሬ ከጥንት ጀምሮ ይመገቡታል። የአናጉታን ባህል ማወቅ የሚፈልግ ከጭፈራውና ከአለባበሱ በፊት በዚህ እህል ቢጀምር እመርጣለሁ፤ የሴቶቹ ጉልበትና ብልሃት ያለው እዚያ ነው።

አዘራሩ ቀላል ነው። ዝናብ ሲገባ ይበተናል፣ ሌላው እህል እምቢ ባለበት አሸዋማ መሬትም ይበቅላል። ሽክሸካው ግን አድካሚ ነው፦ በሙቀጫ መውቀጥ፣ በሰፌድ ማበጠር፣ እንደገና መውቀጥ፤ ይህ አራት አምስት ጊዜ ይደጋገማል። ሴኔጋላዊው ሳኑሲ ዲያኪቴ በ1996 እ.ኤ.አ. የሮሌክስ ሽልማት ያገኘበት መፈልፈያ ይህን ድካም ያቀልላል። የሚፈለፍለው ግን ገለፈቱን ነው፤ አሸዋው ይቀራል።

ዋናው ችግርም አሸዋው ነው። እህሉ መሬት ላይ ስለሚወቃ አብሮ ይገባል። ወንፊት አይረዳም፣ ምክንያቱም ደቃቁ አሸዋ ከፍሬው እኩል ነው። ማበጠርም ገለባን እንጂ አሸዋን አያወጣም። የሚለያቸው ክብደት ብቻ ነው፤ አሸዋ ከውሃ 2.65 እጥፍ ይከብዳል፣ ፍሬው ግን ከውሃ የሚበልጠው በጥቂቱ ነው። በዚያው ደጋ የቆርቆሮ ማዕድን ከወንዝ አሸዋ በቅል ታጥቦ ይወጣ የነበረው በዚሁ መንገድ ነው።

ግማሽ ኪሎ አቻ ሰፊና ክብ ሆድ ባለው ግማሽ ቅል ውስጥ አድርጉና ሦስት እጥፍ ውሃ ጨምሩ። የሚንሳፈፈውን ገለፈት ድፉ። ቀጥሎ ቅሉን እያሽከረከራችሁ፣ ፍሬው ውሃው ላይ እንደተንጠለጠለ ወደ ሁለተኛ ዕቃ አዛውሩ። አትጠብቁ፤ ውሃው ከረጋ ፍሬውም ይዘቅጣል፣ ከአሸዋውም ይቀላቀላል። በመጨረሻ የሚቀረው ማንኪያ ያህል ዝቃጭ ይጣል። እሱን ለማትረፍ መሳሳት ሙሉውን ድስት ያበላሻል። ውሃ እየቀየራችሁ ሦስት አራት ጊዜ ድገሙት፣ ዝቃጩንም በጣት እያሻችሁ ፈትኑ። ጠፍጣፋ ሳህን አልመክርም፤ አሸዋው የሚሰበሰብበት ጎድጓዳ የለውም። ወዲያው ካልተበሰለ ንጹሕ ጨርቅ ላይ፣ ከመሬት ከፍ ብሎ ይሰጣ።

አበሳሰሉ አጭር ነው። ለአንድ ኩባያ አቻ ሁለት ኩባያ የፈላ ውሃ፣ አምስት ደቂቃ በለስላሳ እሳት፣ ከዚያ ከድኖ አሥር ደቂቃ ማሳረፍ። እንደ ሩዝ በብዙ ውሃ ቀቅሎ ማጥለል ልክ አይመስለኝም፤ ይላቁጣል።

የሚቀረኝ ጓቴ ነው፦ አቻው ከጎመን፣ ከዘንባባ ዘይት፣ ከደረቅ ዓሣና ከዳዋዳዋ ጋር የሚበስልበት። ዳዋዳዋ ጠረኑ ኃይለኛ የሆነ፣ ተብላልቶ የተዘጋጀ ዘር ነው፤ ሲጀመር በሻይ ማንኪያ ግማሹ ይበቃል፣ ጨውም ከእሱ በኋላ ተቀምሶ ይጨመር። ጥቁሩን አቻ የሞከራችሁ ካላችሁ የውሃውን መጠን ንገሩኝ።