የሐራጁ ቀን ሳይደርስ

በጥብቅና ሥራዬ ዕዳ የከበደው ሰው ቢሮዬ ሲገባ መጀመሪያ የሚጠይቀኝ «እግድ አውጣልኝ» ብሎ ነው፤ ሽያጩን የሚያስቆም የፍርድ ቤት ትእዛዝ ማለቱ ነው። አንድ በዕድሜ የገፉ የእንጨት ሥራ ባለሙያም በዚሁ ጉዳይ መጡ። ወርክሾፓቸውን ለማስፋት ቤታቸውን አስይዘው ከባንክ ተበድረዋል። ገበያው ሲቀዘቅዝ ክፍያው ተቋረጠ፤ ባንኩም ማስጠንቀቂያ ሰጣቸው። በዚያ ላይ እንጨት በዱቤ ያቀረበላቸው ነጋዴ ከሷቸዋል።

«ልጄ፣ ዳኛው ችግሬን ከሰማ ቤቴን አያሸጥም» አሉኝ።

«ጋሼ፣ የባንኩ ጉዳይ ዳኛ ፊት ሳይቀርብ ሊያልቅ ይችላል» አልኳቸው። አዋጅ ቁጥር 97/1990 በውሉ ላይ ስምምነቱ ካለ ባንክ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ሳያስፈልገው መያዣውን በሐራጅ እንዲሸጥ ይፈቅዳል። ባንኩ የሐራጅ ሥርዓቱን ጥሶ ጉዳት ካደረሰ ካሳ እንዲከፍል ይጠየቃል። ባንኮች የሚያበድሩት የሕዝብ ተቀማጭ ስለሆነ ገንዘቡ ቶሎ መመለስ እንዳለበት ይገባኛል። ቤተሰብ ሜዳ ላይ ከወደቀ በኋላ የሚመጣ ካሳ ግን ዘግይቶ የደረሰ ፍትሕ ነው፤ ይህን ሁልጊዜም እናገራለሁ።

ስለዚህ የቀሩትን ቀናት ለድርድር አዋልናቸው። በእጃቸው ያሉትን የሥራ ውሎች ሰብስበን፣ ካለፈው ዕዳ ላይ የተወሰነውን ከፍለው፣ የመክፈያ ጊዜው እንዲራዘም ለባንኩ በጽሑፍ አመለከትን። ማመልከቻውንም መዝገብ ቤት ገቢ አስደርገን ማህተም ያረፈበትን ቅጂ ያዝን። ቅርንጫፉ ጉዳዩን ወደ ዋናው መሥሪያ ቤት መርቶት ማራዘሚያው ተፈቀደ።

የነጋዴው ክስ ሌላ ነበር። ዘመድ «ዕዳውን ካድ» ብሎ መክሯቸዋል፤ እኔ ግን እምቢ አልኩ። ዕዳውን አምነን የችሮታ ጊዜ፣ ማለትም ለመክፈያ የሚሰጥ ተጨማሪ ጊዜ፣ ጠየቅን። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1770 ውሉ ካልከለከለ በስተቀር፣ ፍርድ ቤት የባለዕዳውን ሁኔታ አይቶ እስከ 6 ወር ሊሰጥ እንደሚችል ይደነግጋል። ዳኛዋ ስለ ችግራቸው ብዙም አልጠየቁም። «ከየት አምጥተው ይከፍላሉ?» ነበር ያሏቸው። ለባንኩ ያዘጋጀነው የሥራ ውል እዚህም ጠቀመን፤ ጊዜው ተሰጠን።

ከችሎቱ ስንወጣ ነጋዴው «በቀኑ ካልከፈልክ መሣሪያህን ሁሉ አስወስዳለሁ» አላቸው። ሽማግሌው ደነገጡ። ለሁለቱም እዚያው ነገርኳቸው፤ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 404 ባለዕዳው እንጀራውን የሚበላበትን የሥራ መሣሪያ፣ የቤተሰቡን አልባሳትና የማብሰያ ዕቃ በፍርድ አፈጻጸም እንዳይያዝ ይጠብቃል። በመሮና በመላጊያ የሚኖር ሰው መሮው ከተወሰደበት በምን ሠርቶ ይከፍላል?

አሁን ባለጉዳይ ሲመጣ ስለ እግድ ከማውራታችን በፊት የብድር ውሉን እቀበልና «ማስጠንቀቂያው መቼ ደረሰዎት?» ብዬ እጠይቃለሁ።