ወንጂ፣ ጃቫ፣ ሱሪናም

እኔ የወንጂ ልጅ ነኝ። «አገርሽ የት ነው?» ስባል ከሌላው ሁሉ ቀድሞ አፌ ላይ የሚመጣው ይሄ ነው። አባቴ ከከምባታ አገዳ ሊቆርጥ የመጣ ሰው ነው። እናቴ ጂሌ ኦሮሞ ናት፤ ያ ሜዳ ሸንኮራ ሳይተከልበት በፊት የጂሌዎች የከብት ግጦሽ ነበር። አንዱ ወላጄ ሸንኮራው ያመጣው፣ ሌላዋ ሸንኮራው መጥቶ ያገኛት ማለት ነው። ቤት ውስጥ የምናወራው አማርኛ ነው። ካምፑ ውስጥ ከምባታው፣ ሀዲያው፣ ወላይታው በአንድ ረድፍ ይኖር ስለነበር እኛ ልጆች ሌላ መግባቢያ አልነበረንም።

አሁን ኔዘርላንድስ፣ ሄግ ከተማ፣ አረጋውያን መንከባከቢያ ውስጥ እሠራለሁ። አብራኝ የምትሠራ አንዲት ሴት አለች። ደቡብ አሜሪካ ባለችው የቀድሞ የሆላንድ ቅኝ ግዛት ሱሪናም ተወልዳ በልጅነቷ ነው የመጣችው፤ ዘሯ ግን ከኢንዶኔዥያ ደሴት ከጃቫ ነው። መጀመሪያ ግራ ገብቶኝ ነበር። ሻይ ስንጠጣ ቀስ በቀስ ነገረችኝ። (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ልጻፋቸው።) ሆላንድ በ1863 ሱሪናም ውስጥ ባርነትን አስቀረች። ነፃ የወጡትን አሥር ዓመት ደግሞ በግዴታ ውል አሠራቻቸው። ያም ሲያልቅ ከ1873 ጀምሮ ከህንድ፣ ከ1890 ጀምሮ ደግሞ ከጃቫ ሰው በመርከብ ማጋዝ ተጀመረ። ከጃቫ ብቻ ወደ 33 ሺህ ሰው ሄዷል። ውሉ አምስት ዓመት ነው። ሥራ ጥሎ የሄደ ይታሰራል። ቅድመ አያቷ ማሪየንበርግ በሚባለው የስኳር እርሻ ነው የሠሩት። እዚያ በ1902 ሠራተኞች በደመወዝ ምክንያት ተነስተው ወታደር ተኩሶባቸዋል።

እኔም የወንጂን ነገርኳት። ወንጂን ያቋቋመው ኤች ቪ ኤ የሚባለው የሆላንድ ኩባንያ ነው። በ1879 አምስተርዳም ውስጥ ተመሠረተ። ሀብቱን ያፈራው ጃቫ ላይ በስኳር፣ ሱማትራ ላይ በቃጫ፣ በዘይት ዘንባባና በሻይ ነው። ኢንዶኔዥያ ታግላ በ1949 ነፃነቷን ስታስከብር ኩባንያው ሌላ መሬት መፈለግ ጀመረ። አዋሽን አገኘ። የወንጂ ፋብሪካ በ1954፣ እዚያው አጠገቡ የተሠራው የሸዋ ፋብሪካ በ1962 ሥራ ጀመሩ፤ መተሐራ ተከተለ። ኢንዶኔዥያ የቀረው እርሻ በ1957 እና 58 ተወረሰበት። ወንጂ ከመጡት ሆላንዳውያን ብዙዎቹ ሙያውን የተማሩት ጃቫ ነበር።

እሷ ዝም ብላ ሰማችኝና «የኛን ሰዎች ወደ ሱሪናም ላኩ፣ አለቆቹን ወደ እናንተ» አለች። ከዚያ ቀን ወዲህ ከአእምሮዬ አልወጣም።

«አልተገዛንም» እንላለን። እውነት ነው፣ እኔም እኮራበታለሁ። ወንጂም ሱሪናም አልነበረም፤ አባቴ ጥሎ ቢሄድ የሚያስረው ሕግ አልነበረም። ግን በአንድ ወገን የፈረንጆቹ ቪላ ከነአትክልቱ፣ በሌላ ወገን የቆራጮቹ አንድ ክፍል ቤት፣ መሃል ላይ ጸሐፊውና ካቦው፣ ይህ አሰፋፈር እኛ አገር የተፈጠረ አይደለም። በቅኝ ግዛት ተፈትኖ፣ ተስተካክሎ የመጣ ነው። የሚያሳዝነኝ ደግሞ ሌላው ነው። በ1975 ደርግ ፋብሪካዎቹን ወረሰ። ሆላንዳውያኑ ሄዱ፣ የኛው ኃላፊዎች ቪላው ገቡ። ቆራጩ እዚያው ካምፑ ውስጥ ቀረ። ሱሪናምም ነፃ የወጣችው በዚያው ዓመት ነው፤ የባልደረባዬ ወላጆችም ከብዙ ሺህ ሰዎች ጋር ወደ ሆላንድ የመጡት ያኔ ነው።

አባቴ ወንጂን ይወዳል። እኛን ያስተማረን በገጀራው ነው። ደስታ ከረሜላ ባየ ቁጥር «የኛ ነው» ይላል። ጥርሱ ግን ቡናማ ነው፣ ወገቡም አይታጠፍም። የስምጥ ሸለቆ የጉድጓድ ውሃ ፍሎራይድ ይበዛበታል፤ እነሱ ደግሞ ዕድሜ ልካቸውን ጠጥተውታል።

በ2023 የሆላንድ ንጉሥ ስለ ባርነት በአደባባይ ይቅርታ ሲጠይቁ ባልደረባዬ አለቀሰች። እኔ ይቅርታ አልጠብቅም። የምፈልገው የጃቫና የሱሪናም ታሪክ ሲነገር ወንጂም አብሮ እንዲነገር ነው። የድሮዎቹ ፋብሪካዎች ሥራ አቁመዋል፣ እዚያ የሠሩት ሰዎችም እያለፉ ነው። እሁድ እሁድ አባቴን በስልክ እየቀዳሁት ነው። አገዳው ሲቃጠል ሌሊት ስንት ሰዓት ይነሱ እንደነበር፣ የቆረጡት እንዴት ይለካ እንደነበር፣ ካቦው ማን እንደነበር እጠይቀዋለሁ። ወንጂ፣ ሸዋ ወይም መተሐራ ያደጋችሁ፣ አባቶቻችሁን ጠይቁና ጻፉልኝ። የእናቶቻችንንም አትርሱ፤ የእናቴን ገና አልጀመርኩም።