ፊልሙ ካለቀ በኋላ የሚጀምረው ጨዋታ

ደብረ ብርሃን ላይ ከመሸ በኋላ ብርዱ ሰው ከቤት አያስወጣም። ጋቢ ደርቦ ፊልም ላይ ማፍጠጥ ነው። ፊልሙ ከጓደኛ በፍላሽ ይመጣል፣ ይታያል፣ ቦታ እንዳይዝ ይጠፋል። በወሩ ስለ ፊልሙ ብትጠይቁኝ "አሪፍ ነው" ከማለት ውጪ የምጨምረው አልነበረኝም። ይህን ልማድ ያስተወኝ ፖድካስት ነው።

የማወራው ፊልሙን የሠሩት ሰዎች ራሳቸው ቁጭ ብለው ይህን ትዕይንት ለምን እንዲህ አደረግነው፣ የትኛው በእርግጥ የሆነ ነው፣ የትኛውን እኛ ጨመርነው እያሉ ስለሚያወጉበት ዓይነት ፖድካስት ነው። ሐሳቡ የቆየ ነው። እ.ኤ.አ በ1984 ክራይቴሪየን የተባለ የፊልም አሳታሚ ኪንግ ኮንግን ከዲቪዲ በፊት በነበረው በሌዘር ዲስክ ሲያወጣ፣ ሮናልድ ሄቨር የተባለ የፊልም አዋቂ ፊልሙ እየሄደ ጎን ለጎን የሚያብራራበት ድምፅ ተጨመረበት። በዲቪዲ ዘመን የዳይሬክተር ማብራሪያ የተለመደ ሆነ። አሁን ዲቪዲ የት አለ? ማብራሪያው ግን ወደ ፖድካስት ተሰደደ። ስደቱም ጠቀመው ባይ ነኝ። ፊልም እያየሁ ሰው ጆሮዬ ላይ ሲያወራ ፊልሙም ወሬውም ያመልጠኛል።

እኔን የያዘኝ የቼርኖቤል ነው። የአሜሪካው ቴሌቪዥን ኤች ቢ ኦ እ.ኤ.አ በ2019 ያወጣው፣ በሶቪየት ኅብረት ስለደረሰው የኒውክሌር ጣቢያ ፍንዳታ የሚተርክ ባለ አምስት ክፍል ድራማ ነው፤ ከእያንዳንዱ ክፍል ጋር አንድ የፖድካስት ክፍል ይወጣ ነበር። ጸሐፊው ክሬግ ሜዚን ከሬዲዮ አቅራቢው ከፒተር ሴገል ጋር እየተጨዋወተ የራሱን ሥራ ይፈትሻል። ኡላና ሆምዩክ የምትባለዋ ሳይንቲስት በእውን የነበረች ሰው አይደለችም፤ የብዙ ሳይንቲስቶች ሥራ በአንድ ሰው ተጠቃሎ ነው። ዋናው ገጸ ባሕርይ ሳይንቲስቱ ሌጋሶቭ ደግሞ በእውነቱ ቤተሰብ ነበረው፣ በድራማው ግን ብቸኛ ነው። ከሁሉም የገረመኝ የጣቢያው ኃላፊዎች ለፍርድ የሚቀርቡበት የመጨረሻው ክፍል ነው። ሌጋሶቭ ያን ችሎት አልረገጠም። ያ ሁሉ ንግግር፣ ያ ሁሉ ድፍረት፣ ችሎት ፊት አልተባለም።

ይህን ስሰማ አላናደደኝም ብል ውሸት ነው። ግን ያን ክፍል መልሼ አየሁት። ሌጋሶቭ ቀይና ሰማያዊ ካርዶች እያስቀመጠ ሬአክተሩ ለምን እንደፈነዳ የሚያስረዳበት ቦታ አለ። በመጀመሪያው እይታ ዳኞቹን እያየሁ "ምን ይፈርዱ ይሆን?" እያልኩ ነበር። በሁለተኛው ግን ሰውየው የሚያስተምረው እኛን እንደሆነ ገባኝ። አራት ክፍል ሙሉ የፈነዳበትን ምክንያት ይዘውብን ቆይተው ነው እዚህ ላይ የፈቱልን፤ ችሎቱም ይህን የኒውክሌር ፊዚክስ ትምህርት ሳይሰለቸን እንድናዳምጥ የተመረጠ ቦታ ነው። ታዲያ ውሳኔውን ወደድኩት? በከፊል። አሁንም ሰውየው ያልተናገረውን በአፉ ማድረግ ትንሽ ይከብደኛል። ቢያንስ ግን የምከራከርበት ነገር አገኘሁ፣ "አሪፍ ነው" ከማለት ወጣሁ።

ሌላው ስለ ቅላፄ ነው። ተዋናዮቹ በሩሲያ ቅላፄ እንግሊዝኛ ያልተናገሩት ለምን እንደሆነ ሜዚን ሲያስረዳ፣ ሰዎቹ ሲሞክሩት ሰውየውን ትተው ቅላፄውን መተወን ያዙ፣ ስለዚህ ተውነው ይላል። እኛ ሰሜን ሸዋ ያለን ሰዎች ይህ በሽታ የት እንዳለ እናውቃለን። አዲስ አበባ ያደገ ተዋናይ የመንዝ ገበሬ ሆኖ ሲመጣ ሰው አይመስልም፤ ቃል እየጎተተ፣ ባርኔጣ ደፍቶ ያስቃል እንጂ። ድሮ "ይሄ ነገር ምኑ ነው የሚያስጠላኝ?" እል ነበር። አሁን ስሙን ባላውቀውም ምክንያቱን አውቃለሁ።

ከዚያ ወዲህ ለራሴ ሥርዓት አበጀሁ። መጀመሪያ ፊልሙ ብቻውን ይታያል፣ ስልክ ተዘቅዝቆ። ሲያልቅ የቆረቆረኝን ነገር ማስታወሻ ላይ እጽፋለሁ፤ ብዙ አይደለም፣ "ይቺ ሴትዮ ለምን ዝም አለች?" ዓይነት። ፖድካስቱን በማግሥቱ ወይም በሳምንቱ መጨረሻ እሰማለሁ። በስተመጨረሻ ፊልሙን ሙሉውን ሳይሆን የተነሱትን ትዕይንቶች ብቻ መልሼ አያለሁ። ፖድካስቱን አስቀድሞ መስማት አይመከርም፤ ታሪኩን ያበላሻል ብዬ አይደለም፣ የሰሪውን ሐሳብ ይዘህ ስለምትገባ የራስህ ዓይን ሥራ ስለሚፈታ ነው። ሰሪው የተናገረው ሁሉ ትክክል ነው ያለውስ ማነው? "ይህ ትዕይንት ያስለቅሳል" ብሎ እኔ ካላለቀስኩ ጥፋቱ የእኔ ላይሆን ይችላል።

ኢንተርኔቱን በተመለከተ፣ የሌሊት ጥቅል ስገዛ አውርጄ አስቀምጣለሁ። ወደ ደብረ ሲና ስወርድ ኔትወርክ ላይ የተማመነ ሰው ጣርማ በር ላይ ዝም ይልበታል።

ጣርማ በርን ካነሳሁ አይቀር፣ እዚያ መንገድ ላይ ሚኒባስ ውስጥ ነው የካሜራ ባለሙያውን ሮጀር ዲኪንስን መስማት የለመድኩት። ከባለቤቱ ከጄምስ ጋር እ.ኤ.አ ከ2020 ጀምሮ ቲም ዲኪንስ የሚል ፖድካስት አላቸው፤ ስለ ፊልም ሥራ ከየዘርፉ ሰው ጋር ያወራሉ። ዲኪንስ ኦስካር የወሰደበት "1917" የተባለው የጦርነት ፊልም ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ሳይቆረጥ የተቀረጸ እንዲመስል ተደርጎ የተሠራ ነው። ስለዚህ ብርሃኑ ከአንዱ ቀረጻ ወደ ሌላው ሊለያይ አይችልም። ፀሐይ ስትወጣ ካሜራው ይቆማል፣ ልምምድ ይደረጋል፣ ደመና ሲመጣ ይሮጣሉ። ምሽጉም በዘፈቀደ አልተቆፈረም፤ ተዋናዮቹ እየተራመዱ ንግግሩን ተለማምደው፣ ንግግሩ የሚፈጀው ርቀት ተለክቶ ነው። እንግዲህ ጣርማ በር ላይ ጉሙ መስኮቱን ሲሸፍነው ሾፌሩ ይረግማል፣ እኔ "ዲኪንስ ይህን ቢያገኝ" እላለሁ። ፊልሙን መልሼ ሳየው ሰማዩን ብቻ ነው ያየሁት። አንድም ቦታ ጥላ ያለበት መስሎኝ አቁሜ ፈለግኩ።

ይህ ሁሉ ግን በእንግሊዝኛ ነው። በአማርኛስ? ስለ አማርኛ ፊልም የሚያወሩ ዝግጅቶች ሞልተዋል፤ አብዛኞቹ ወይ ታሪኩን ከእንደገና ይተርኩልሃል ወይ ተዋናይዋን ስለ ትዳሯ ያፋጥጧታል። የካሜራ ባለሙያውን ማን ጠየቀው? ድምፅ የቀዳውንስ? ረጅም ጨዋታ መስማት አንችልም እንዳይባል ሸገር ላይ የመዓዛ ብሩን "የጨዋታ እንግዳ" ስንት ሰው ሥራውን አቁሞ ነው የሚሰማው። ጆሮው አለን። ስለዚህ እኔና የአክስቴ ልጅ ራሳችን እንሞክረው አልን፤ የፊልም ሠሪ ስልክ ስለሌለን ፊልሙ የሚናገርለትን ኑሮ የኖረ ሰው ፈለግን።

የመረጥነው የኃይሌ ገሪማን "ምርት ሦስት ሺህ ዓመት" ነው። እ.ኤ.አ በ1974 አብዮቱ ሲፈነዳ እዚሁ አገር ውስጥ በጥቁርና ነጭ ተቀርጾ በ1976 የወጣ፣ ሁለት ሰዓት ተኩል የሚሄድ ፊልም ነው። ጭሰኛ ቤተሰብና ባለመሬት ነው ታሪኩ። አብዛኞቹ የተጫወቱት ተዋናይ ያልነበሩ ሰዎች ናቸው። እንግዳችን ሰላ ድንጋይ አካባቢ ያለው አጎቴ ነው፤ የመሬት አዋጁ የካቲት 25 ቀን 1967 ሲታወጅ ጎረምሳ ነበር።

ቤቱ ቆርቆሮ ነው፣ ግድግዳው ባዶ ነው፣ ድምፅ ያስተጋባል። ሁለት ባና ግድግዳው ላይ ሰቀልን፤ የመንዝ በግ ፀጉር ስቱዲዮ ነው፣ ቀልዴን አይደለም። ስልኩን ኤሮፕሌን ሞድ ላይ አድርገን ጠረጴዛው ላይ አኖርነው። አጎቴ ስልኩን ሲያይ አፉ ተያዘ። የአክስቴ ልጅ የነጠላዋን ጫፍ ጣል አደረገችበት። ወሬው መጣ።

"ጋሼ፣ እስቲ ይህን ቦታ ይንገሩን" አልኩት፣ እርሻው ላይ አቁሜ።

"ምኑን ልንገርህ አንተ ልጅ? ሰውየው ያርሳል።" ትንሽ ቆየና "መልሰው እስቲ" አለ። መለስኩት። "እርፉን ሲይዝ እየው። ይሄ ሰውዬ የምሩን ገበሬ ነው። እዚያ ቴሌቪዥን ላይ የምታሳዩኝ እኮ እርፍ እንደ ምርኩዝ ነው የሚይዙት።"

እኔ ያን ትዕይንት ስንቴ አይቼዋለሁ፣ የሰውየው እጅ ላይ ዓይኔ አርፎ አያውቅም። ከዚያ ባለመሬቱ ሲያንባርቅ አጎቴ ራሱን ነቀነቀ። "ይሄ የእኛ አገር ነገር አይደለም። እኛ ርስት ነበረን፤ ጭሰኛ አይደለንም። እኛን የጨረሰን ክርክሩ ነው። ወንድም ከወንድሙ፣ ፍርድ ቤት ለፍርድ ቤት፣ ስንቅ ቋጥሮ መመላለስ።" ይህ ለእኔ ትልቅ ነገር ነው። ፊልሙን የመላው አገር ታሪክ አድርጌ ነበር የማየው። አጎቴ ግን ፊልሙ የማይደርስበትን ቦታ አሳየኝ፤ የውጭዎቹ ፖድካስቶች ላይ ደግሞ ይህን አልሰማም፣ የሠራው ሰው ሲያወራ የቀረውን የሚነግርህ እሱ የሚያውቀውን ያህል ነው።

ቅጂውን አሳጥረን ቴሌግራም ላይ ለዘመድ አዝማድ ለቀቅነው። ለሚሞክር ሰው የምለው፦ ታሪኩን አትድገሙ፣ ሰሚው አይቶታል። ስለየትኛው ደቂቃ እንደምታወሩ ተናገሩ፣ ሰው ከፍቶ እንዲያየው። ዝም ሲል አትቸኩሉ፤ አጎቴ ጥሩ ጥሩውን የተናገረው እኛ ጥያቄ ካለቀብን በኋላ ነው። ክረምት ላይ ደግሞ ቆርቆሮ ቤት ውስጥ አይሞከርም፣ በረዶው ከጀመረ ማንም አይሰማም።

አጎቴ ቀጣዩ የፍርድ ቤት ፊልም ይሁን ብሏል፤ አይገርምም። "ድፍረት"ን አስበናል። የጠለፋ ችሎት ታሪክ ነው፣ እ.ኤ.አ በ2014 አዲስ አበባ ላይ ሊመረቅ ሲል ፊልሙ ራሱ በፍርድ ቤት ትእዛዝ የታገደ፤ ስለዚህ የሰው ታሪክ ማን ይተርከው የሚለውም ይነሳል። አንድ የማውቀው ጠበቃ እሺ ብሎኛል፤ ስሜ አይጠቀስ፣ ቅጂውንም ከመለቀቁ በፊት ልስማው ብሏል። ሁለተኛው ላይ ገና አልተስማማንም።